የሹፌሩ ከንፈር

ጥር 13፣ ረቡዕ

ለነፍስ አባቴ እንኳን ያልተናገርኩትን እዚህ ልጻፈው። እንግሊዝኛ ማንበብ አልችልም።

ፊደሉን አውቀዋለሁ። የምሠራበት ፓርኪንግ ላይ የተሰቀሉትን ምልክቶች በመልካቸው እለያቸዋለሁ። ዓረፍተ ነገር ሲሆን ግን ሦስተኛው ቃል ላይ ስደርስ የመጀመሪያው ይጠፋብኛል። ይህን የሚያውቅ ሰው በዚህ አገር አንድ ብቻ ነበር፤ ለተማርያም፣ ነፍሷን ይማርና። ደብዳቤ ሲመጣ «መነጽሬ ጠፋኝ» እላለሁ፣ እሷ ታነባለች። አንዳንዴ መነጽሬ ግንባሬ ላይ ሆኖ ነው ጠፋኝ የምለው። «እስቲ እኔ ልየው» ትላለች እንጂ አንድ ቀን አሳፍራኝ አታውቅም። ከሞተች አራት ዓመት ሆናት። ከዚያ ወዲህ ደብዳቤዬን መሳቢያ ውስጥ አኖራለሁ።

ጥፋቱ አለማወቄ አይደለም፤ አውቃለሁ ማለቴ ነው።

ይህን ዛሬ ያነሣሁት በምክንያት ነው። የጥምቀት ዕለት ቤተ ክርስቲያን ተሰብስበን ሳለ የወዳጄ የጸጋዬ ልጅ ሶሊያና መጣች። አሮጌ ፊልም የሚጠበቅበት ቤት ነው የምትሠራው። ከመቶ ዓመት በፊት እዚሁ ሎስ አንጀለስ የተነሣ አንድ ድምፅ አልባ ፊልም አለ፤ በየቅዳሜው ትንሽ ትንሹን እያሳየች ለእኛ ለሽማግሌዎቹና ለባልቴቶቹ በአራት ሳምንት ልትጨርስልን ነው፤ ፌርፋክስ መንገድ ላይ ካለው ሬስቶራንት ጀርባ ባለችው አዳራሽ።

«ድምፅ የለውም፤ ሶ ቋንቋ አያስቸግርም» አለች። «በመሀል በመሀል ብቻ ጽሑፍ ይመጣል። እሱን በአማርኛ የሚያነብልን ሰው ነው የምንፈልገው።»

«ጋሼ ለይኩን ያንብቡልን፣ ድምፃቸው ጥሩ ነው» ያለችው አክስቷ ካሳነሽ ናት። ካሳነሽ የጸጋዬ እኅት ናት፤ እንደኔው የሞተባት። ኖርዝ ሆሊውድ ውስጥ አሮጊት ፈረንጆች ቤት እየገባች ስታስታምም ኖራ አሁን ባልድዊን ሂልስ ወንድሟ ዘንድ ተቀምጣለች።

«እሺ» አልኩ።

ለምን እሺ እንዳልኩ እስካሁን ይገርመኛል። ፀሐይ መትቶኝ ይሆናል።

ጥር 15፣ ዓርብ

ሥራ በዛ። ነገ ነው። ሶሊያና ደውላ «ጋሼ፣ መጥተህ አስቀድመህ እየው» አለችኝ። አያስፈልግም አልኳት። ሰው እንዴት እንዲህ ይዋሻል።

ጥር 16፣ ቅዳሜ

አንዲት ባርኔጣ የምትሰፋ ልጅ አለች። እናት አላት። ረጅም መኪና ያለው ሀብታም አለ። የሀብታሙን መኪና የሚነዳ ሹፌርም አለ፤ በሩን ከፍቶ ይቆምና ልጅቷን ያያል። እስከዚህ ድረስ ማንበብ አላስፈለገም።

ከዚያ ጽሑፉ መጣ። እንደ ሐረግ የተጠላለፈ፣ ጅራት ያለው ፊደል። የመጀመሪያዋን ቃል ለይቼ ሳልጨርስ ጠፋ። አዳራሹ በሙሉ ዞሮ አየኝ።

«እናትየዋ ‘ልጄ ሆይ፣ ለሰው ራስ ባርኔጣ ስትሰፊ ያንቺ ራስ ሊሸብት ነው’ ትላለች» አልኩ።

ሰው ሳቀ። እናትየዋም እጇን ስታወናጭፍ ልክ እንደዚያ ያለች መሰለች። ከዚያ በኋላ ማን ያቆመኛል። ስም አውጣላቸው አሉኝ፤ ልጅቷን የውብዳር አልኳት፣ ሀብታሙን ባላባቱ። ሹፌሩ ሹፌሩ ሆኖ ቀረ። እሱን ግን አፉን አሳመርኩለት። በሩን ይዞ ቆሞ ሲያያት «አንቺ በሄድሽበት ጠማማው መንገድ ይቃናል» አስባልኩት። ይህን ከየት አመጣሁት? ለተማርያምን ስጠይቅ እንኳን እንዲህ አላልኩም። ያኔ ሽማግሌ ልከው የተናገሩልኝ አባቴ ናቸው፤ እኔ ከሰርጉ በፊት ለእሷ ያልኳት «ደህና ነሽ» ብቻ ነው።

ባላባቱን የወደደው ሰይፈሥላሴ ነው። ሁልጊዜ ፊት ወንበር ይቀመጣል። «ደህና ሰው ይመስላል። ቤቱም ቤት ነው» አለ። እሱ ራሱ የሚያከራያቸው ሕንፃዎች ስላሉት ቤት ያውቃል።

ጓደኛዬ ክፍሉ ስንወጣ ክንዴን ያዘኝ። ክፍሉ ዕድሜውን ታክሲ ሲነዳ የኖረ ነው፤ ነገር ሲያሳድድም እንደዚያው ነው።

«አንተ ሰውዬ፣ ጽሑፉ ሁለት መስመር፣ ያንተ ንባብ ሁለት ገጽ። እንግሊዝኛ ይህን ያህል ቁጥብ ነው?»

«ጥልቅ ነው» አልኩት።

ካሳነሽ ሳቋ ሲያሸንፋት በነጠላዋ ጫፍ አፏን ሸፍና ነበር። የሆነውን ሁሉ ልጻፍ ብዬ ነው እንጂ ሌላ ነገር የለውም።

ጥር 18፣ ሰኞ

ሰይፈሥላሴ ሥራ ቦታዬ ድረስ መጣ። መኪናውን ራሴ ፓርክ አደረግሁለት። ወንበሩ እንደ ምድጃ ዳር ይሞቃል።

«ለይኩን፣ ሽማግሌ ልልክ ነው» አለኝ።

«የት?»

«ጸጋዬ ቤት። ለካሳነሽ።»

ቁልፉ ከእጄ ወደቀ። እጄ ላብ ነበረው።

«ከቅበላ በፊት ይለቅልኝ» አለ። «ጾም ከገባ እስከ ዳግማይ ትንሣኤ ማን ይጠብቃል? በእኛ ዕድሜ ቀጠሮ አይረዝምም። አንተ ዋና ሽማግሌ ትሆንልኛለህ። ቅዳሜ ሰማሁህ እኮ፤ ድንጋይ ታናግራለህ።»

እሺ አልኩት። ምን ልበል? ሽማግሌ ሁን የተባለ ሰው እምቢ ካለ ወይ ጠላት ነው፣ ወይ ምክንያት አለው። እኔ ጠላቱ አይደለሁም። ምክንያትም የለኝም።

ደግሞ ሰይፈሥላሴ ማለት ለተማርያም ስትታመም ሆስፒታል ሲያመላልሰን የከረመ ሰው ነው። ማንም ሳይጠይቀው። እሷ ኋላ ወንበር ላይ ተኝታ፣ እሱ ጉድጓድ ባየ ቁጥር «ይቅርታ እታለም» እያለ። ለእንዲህ ያለ ሰው ደስ ብሎኝ ነው የምሄደው።

ጥር 20፣ ረቡዕ

ክፍሉና አንድ ቄስ አብረውኝ እንዲሄዱ ሆነ። መልካም ሥራ ነው። ሁለት ብቸኛ ሰው ማገናኘት የእግዚአብሔር ሥራ ነው።

ጥር 23፣ ቅዳሜ

ዛሬ ምን ነካኝ?

ባላባቱ የውብዳርን እራት ጠርቷታል። ጠረጴዛው ጫፍና ጫፉ አይተያይም። ሻይ መጣ፤ እሷ ስኳር ጨመረች፤ ጽሑፉ መጣ።

«‘የውብዳር ሆይ፣ ሁለት ስኳር ስትጨምሪ አየሁ። በዚህ ቤት ሕጉ አንድ ነው’ ይላል ባላባቱ» አልኩ።

አዳራሹ ተናጋ። እዚያ ላይ ባቆም ምናለበት። ሰውየው ከኪሱ ትንሽ ሣጥን አውጥቶ ዘረጋላት። ሲያዩት የቀለበት ሣጥን ነው፤ ሕፃን ልጅም ያውቀዋል። እኔ ግን «‘የተረፈሽን ዳቦ እዚህ ውስጥ ክተቺልኝ’ አላት» አልኩ። አንዲት ባልቴት በሳቅ ብዛት ውሃ አምጡልኝ አሉ።

ሰይፈሥላሴ አልሳቀም። «ይህ ሰውዬ ባለፈው ሳምንት እንዲህ አልነበረም» አለ።

«ሀብታም ሲቆይ ነው የሚታወቀው» አለ ክፍሉ ከኋላ።

ሹፌሩ ደግሞ ውጭ መኪናው ዘንድ ቆሞ ወደ መስኮቱ ያንጋጥጣል። ለእሱ ብዙ ነገር ተናገርኩለት። አልጽፈውም፤ አፍራለሁ።

ሶሊያና ሽቦዋን እየጠቀለለች «ጋሼ፣ ሣጥኑ ሲወጣ የመጣው ጽሑፍ ምን እንደሚል ልንገርህ?» አለችኝ።

«አውቀዋለሁ» አልኳት።

«ኦኬ» አለች። ኦኬ እንዲህ ረጅም ቃል መሆኑን አላውቅም ነበር።

አሁን ቁጭ ብዬ ሳስበው በባልንጀራህ ላይ በሐሰት አትመስክር ይላል። ድሮ የሞተ የፊልም ሰው ባልንጀራዬ ነው? የነፍስ አባቴን ብጠይቃቸው ይስቁብኛል። አልጠይቃቸውም። እንዳይስቁብኝ ሳይሆን፣ ሳቃቸውን ጨርሰው «ማንን አስበህ ነው እንዲህ ያልከው?» እንዳይሉኝ ነው።

ሰይፈሥላሴ ስስታም ሰው አይደለም። ስስታም ነው ያለውም የለም። እኔ ያልኩት ስለ ፊልሙ ነው።

ጥር 26፣ ማክሰኞ

የነነዌ ጾም ሁለተኛው ቀን።

ዮናስ ወደ ነነዌ ሂድ ሲባል ወደ ተርሴስ የሚሄድ መርከብ ተሳፈረ። በየዓመቱ ስሰማው የኖርኩት ነው። ዘንድሮ ግን ቆሜ እየሰማሁ፣ እኔ ወዴት ሂድ ተብዬ ወዴት እንደሸሸሁ መፈለግ ጀመርኩ። ነነዌዬ ምን እንደሆነች አላገኘኋትም። ያገኘሁት መርከቡን ነው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ እሱ ላይ ተሳፍሬ አፌ እንዳመጣልኝ ስቀዝፍ ነው የምውለው።

ከእንግዲህ ፈጠራ የለም። ሶሊያናን ደውዬ «ጽሑፉ ሲመጣ ፊልሙን አቁሚልኝ፤ ቀስ ብዬ አነባለሁ» አልኳት።

«ሹር፣ ፖዝ አደርግልሃለሁ» አለች። ደስ ያላት መሰለኝ። እኔ ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ነው ያደረግሁት የገባኝ። ጽሑፉ ቶሎ ማለፉ ያድነኝ ነበር እኮ።

ጥር 30፣ ቅዳሜ

ጽሑፉ መጣና ቆመ። እኔም ቆምኩ። ጽሑፉ እኔን ያያል፣ እኔ ጽሑፉን። ሰው ይጠብቃል።

ያን ጊዜ አጠገቤ ወንበር ተሳበ። ካሳነሽ ናት። «ነፋስ ሸሽቼ ነው» አለች ጮክ ብላ፤ ከዚያ በነጠላዋ ተከልላ ወደ ጆሮዬ ተጠግታ በለሆሳስ «‘እናትሽ መታመሟን ሰማሁ፤ ሐኪም ይዤ መጥቻለሁ’ ነው የሚለው» አለችኝ።

እንዳለችው ተናገርኩ። ባላባቱ ሐኪም ይዞ ሲገባ እኔ የሐኪሙን ቦርሳ አይቼ የእናትየዋን ዕቃ ሊወርስ የመጣ ሰው ልለው ተዘጋጅቼ ነበር። ጽሑፍ በመጣ ቁጥር እሷ በጆሮዬ፣ እኔ በአፌ። ባላባቱ እስከ መጨረሻው ደግ ሆነ። ሰው ቅር አለው።

«ዛሬ ፊልሙ ሥጋ የለውም» አለ ክፍሉ። «የስኳሩ ሰውዬ የት ሄደ?»

«ንስሐ ገባ» አልኩ።

በመሀል ማሽኑ እስኪስተካከል መብራት በራ። ድምፄን ዝቅ አድርጌ «ከመቼ ጀምሮ ያውቃሉ?» አልኳት።

«ከባርኔጣዋ ጀምሮ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አሉ?»

«የእርስዎ ይሻል ነበራ።» ፊቷን ወደ ነጩ መጋረጃ መልሳ ተቀመጠች። ቆይታ «ሰኞ እኛ ቤት ይመጣሉ አሉ፣ ከሽማግሌዎች ጋር» አለች።

«አዎ።»

«የላከዎት ጥሩ ሰው ነው።»

«በጣም ጥሩ ሰው ነው» አልኩ።

«እንግዲያው ደህና አድርገው ይናገሩለት። እኔ ጓዳ ሆኜ እሰማለሁ።»

ተነሥታ ወደ ቀድሞ ወንበሯ ተመለሰች። ነፋሱ ቆሞ ይሆናል።

የካቲት 2፣ ሰኞ

ሄድን። በክፍሉ መኪና፣ ሦስታችንም ጋቢ ደርበን። ባልድዊን ሂልስ ዳገት ላይ ውሻውን የሚያንሸራሽር ፈረንጅ ቆሞ አየን፤ ሕመምተኛ ሊያጠምቁ የመጡ መስለነው ይሆናል።

ጸጋዬ በወጉ ተቀበለን። «ተቀመጡ» አለ። «ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም» አልኩ። የክፍሉ ጉልበት ሲንቋቋ ሰማሁት። «ልጃችሁን ለልጃችን ብለን መጥተናል።» ልጁ ሰባ ዓመት አልፎታል። ልጅቷ ጓዳ ሳህን ታጥባለች፤ የውሃ ድምፅ ግን አይሰማም።

«ልጃችሁ ምን ዓይነት ሰው ነው?» አለ ጸጋዬ።

ስለ ሰይፈሥላሴ እውነቱን ተናገርኩ። የሆስፒታሉን መንገድ፣ «ይቅርታ እታለም» ማለቱን። ቄሱ ራሳቸውን ነቀነቁ፣ የጸጋዬም ዓይን እንባ አቀረረ። እዚህ ላይ ቢያበቃ ዓለም ባማረባት። ጸጋዬ ግን ጠየቀ።

«የእኛንስ ልጅ ምን አይቶባት ነው?»

ሽማግሌ ለዚህ የተዘጋጀ መልስ አለው። ጨዋነቷን፣ ዘሯን፣ ሙያዋን ሰምቶ ይባላል። እሱን ልል አፌን ከፈትኩ። የወጣው ሌላ ነው። ስትስቅ አፏን በነጠላ ትሸፍናለች፣ ዓይኗ ግን አይሸፈንም አልኩ። ቅዳሴ ላይ ተሰጥዖውን ከሰው ሁሉ ጥቂት ዘግይታ ትመልሳለች፣ ድምፅዋን ሰው የማይሰማው እየመሰላት አልኩ። ከአውቶቡስ ስትወርድ ነጂውን በስሙ ጠርታ ታመሰግናለች፣ ነጂው ሲቀየር የአዲሱን ስም ትጠይቃለች አልኩ። ሌላም አልኩ። ቄሱ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ክፍሉ ጋቢዬን ጎተተ።

ጸጋዬ ለረጅም ጊዜ አየኝና «ልጃችሁ ይህን ሁሉ ያየው ፊት ወንበር ተቀምጦ ነው?» አለ።

«ዞሮ አይቶ ይሆናል» አልኩ።

በመጀመሪያ ቀን መልስ አይሰጥም። እሁድ በቅበላ ዕለት ከሰዓት በኋላ ተመለሱ ተባልን። ክፍሉ ዳገቱን ስንወርድ ሳቅ አላስነዳው ብሎ መኪናውን ዳር አቆመ። ቄሱም ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዙረው ትከሻቸው ይንቀጠቀጣል። ምን እንደሚያስቃቸው አልገባኝም። ሽማግሌ አሳምሮ ነው የሚናገረው።

የካቲት 4፣ ረቡዕ

ክፍሉ ፓርኪንጉ ድረስ መጣ።

«ሰኞ ለማን ነው የለመንከው?»

«ለሰይፈሥላሴ።»

«ሰይፈሥላሴ አውቶቡስ ተሳፍሮ ያውቃል?»

መኪና መጣልኝ። ሮጥኩ።

ማታ ሰይፈሥላሴ ደወለ። «ቄሱ ነገሩኝ፤ እንደ እኔ ሆነህ ነው አሉ የተናገርከው» ብሎ አመሰገነኝ። ወንበር ፈልጌ ተቀመጥኩ።

ለተማርያም ብትኖር ይህን ሁሉ «እስቲ እኔ ልየው» ብላ ታነብልኝ ነበር። ፎቶዋ ፊት ቆሜ ልቆጣት ሞከርኩ፤ ምን ብዬ እንደምቆጣት ግራ ገባኝ። እሷ ምን አደረገች? ቤተ ክርስቲያንም የሞተበትን ሰው ዳግም ከማግባት አልከለከለችም። ሕጉን አንድ በአንድ ፈተሽኩት፤ ከልካይ ሆኖ ያገኘሁት እኔኑ ነው።

እንግዲህ ጽፌዋለሁ። አይሰረዝም።

ግን ሰይፈሥላሴ ላይ? የታመመች ሚስቴን ያመላለሰው ላይ?

የካቲት 6፣ ዓርብ

እንቅልፍ የለም። እሁድ እነ ጸጋዬ ቤት ሄጄ «እሺታችሁን ለመስማት መጣን» ልል ነው። አፌ እንደ ሰኞው ቢከዳኝስ? ባይከዳኝስ?

የካቲት 7፣ ቅዳሜ

ፌርፋክስ በቀይ ፊኛ ተሞልቷል። አሜሪካኖች ለፍቅርም ቀን ቆርጠውለታል፣ ቆሻሻ መኪና እንደሚመጣበት ቀን።

ዛሬ የፊልሙ መጨረሻ ነበር። ካሳነሽ አልመጣችም። ሽማግሌ የተላከባት ሴት መልሱ ሳይነገር አደባባይ አትወጣም፤ ወጉ ነው። እኔ ግን አስቀድሜ አላሰብኩትም ነበር። ጽሑፉ መጣ፣ ሶሊያና አቆመችው፣ ጎኔ ያለው ወንበር ባዶ ነው።

እንደ ልማዴ ልፈጥር አፌን ከፈትኩ። አልመጣልኝም።

«እናንተ ሰዎች» አልኩ፣ «ይቅር በሉኝ። እንግሊዝኛ ማንበብ አልችልም። ከልቤ እየፈጠርኩ ነበር።»

ያን ዕለት ሳቅ ውሃ ያስጠየቃቸው ባልቴት «እሱንማ እናውቃለን። ቀጥላ» አሉ።

ሁሉም ያውቅ ነበር። ክፍሉ ሽቅብ ጣሪያ ያያል። የዞረው ሰይፈሥላሴ ብቻ ነው። «እኔ አላወቅሁም» አለ። እሱ ያመነኝ ነበር።

ሶሊያና «እኔ ላንብብ?» አለች። ተዪው አልኳት፤ እንዲሁ እንየው። ጽሑፉን ስጠብቅ ሦስት ሳምንት ሙሉ ሰዎቹን አላየኋቸውም ነበር። ዛሬ አየኋቸው። ባላባቱ በእናትየዋ ፊት ቆሞ ይናገራል፤ ቃሉ ባይሰማም ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ፣ ሲቸገር፣ እንደገና ሲጀምር ይታያል። ወደ የውብዳር ዞሮ ይናገራል። ሹፌሩ መኪናው ዘንድ ቆሟል። የሱን ከንፈር አየሁት። አይንቀሳቀስም። ያሳለፍናቸውን ሳምንታት በሐሳቤ መለስኩ፤ አንድም ቀን ተንቀሳቅሶ አያውቅም። መንገድ ይቃናል ያልኩት፣ ያንን ሁሉ ያልኩት እኔ ነበርኩ። እሱ ምንም አላላትም።

የውብዳር ወጣች። መኪናው በር ላይ ቆም ብላ ሹፌሩን አየችው። ቆየች። እሱ በሩን ከፈተላት። ገባች። በሩን የዘጋላትም እሱ ነው። ከዚያ «ተፈጸመ» የሚለው መጣ፤ እሱን ማንበብ እችላለሁ።

«ምናለ አንዲት ነገር ቢላት» አሉ ባልቴቷ።

አባቴ ዝም አይነቅዝም ይሉ ነበር። ዛሬ ነቅዞ አየሁት።

ሰው ሲወጣ ሰይፈሥላሴን መኪናው ዘንድ አገኘሁት። ግባ፣ ላድርስህ አለኝ። ቆሜ እናገራለሁ አልኩና ነገርኩት። ለሱ ልለምን ሄጄ እንዴት ለራሴ እንደለመንኩ፤ ከዚያ በፊትም በፊልሙ ያደረግሁትን።

ቀና ብሎ አየኝ።

«ስኳር ቆጣሪው እኔ ነበርኩ?»

«አዎ።»

«ለይኩን፣ እኔን ስኳር ሐኪም ከከለከለኝ ስንት ዘመኔ።»

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ሌላ ነገር አጥተህ ነው?»

«አዎ» አልኩ። «ሌላ የምለው አጥቼ ነው።»

ይህ ነገር ከንዴቱ ትንሽ ሳይቀንስለት አልቀረም። መሪውን በጣቱ ሲመታ ቆየ። «ሽማግሌዎቼን አላስቀርም» አለ። «አንተን ፍቄያለሁ፤ ሁለቱ ነገ ከሰዓት ይሄዳሉ። አንተም ከፈለግህ ሂድ። መልሱን እሷ ትስጥ። ላንተ ማን ይሄድልሃል?»

«ማንም የለኝም።»

«እኔን እንዳትጠይቀኝ» አለና መስኮቱን ዘጋ። ትንሽ ነድቶ ቆመ፤ መስኮቱን ከፈተ። «ከሰዓት በፊት ሂድ። እኔ ብሆን የማደርገው እሱን ነው።»

የካቲት 8፣ እሁድ፣ ቅበላ

ከቅዳሴ በኋላ ክፍሉ ወሰደኝ። «ጠዋት አንተን አደርሳለሁ፣ ከሰዓት ለሰይፈሥላሴ እለምናለሁ» አለ። «እንዲህ ያለ ቀን በታክሲ ዘመኔም አልገጠመኝም።» እሱ መኪናው ውስጥ ቀረ።

ጸጋዬ ከፈተልኝ፤ ከኋላዬ ሰው ፈለገ።

«ሽማግሌዎችህስ?»

«ዕድሜዬ ይበቃል ብዬ ራሴ መጣሁ።»

«ቀጠሯችን ከሰዓት አልነበረም?»

«እሱ የሰይፈሥላሴ ነው። ከሱ ሽምግልና ትናንት ወጣሁ፤ ነግሬው ነው። ይህ የራሴ ነው።»

ተቀመጥ አላለኝም። አፍንጫውን አሸት አሸት አደረገ። «ለይኩን፣ ወግ አለን እኮ። የመጀመሪያ ቀን መጥቶ እሺ የተባለ የለም። ደጅ ይጠናል፣ ሦስት ጊዜ ይመላለሳል።»

«ነገ ጾም ይገባል።»

«ወጉን እኔ አላወጣሁት» አለ። ዓይኑ ግን ደህና አድርጎ እየሳቀ ነበር።

ነጠላዬን አስተካከልኩ። እጅ ነሥቼ ወጣሁ። በሩ ከኋላዬ ተዘጋ። ደረጃው ላይ ቆሜ አንድ አባታችን ሆይ ደገምኩና ዞሬ አንኳኳሁ።

ጸጋዬ ከፈተ። «ማን ልበል?» አለ፣ አይቶኝ እንደማያውቅ።

«ለይኩን ነኝ። ልጃችሁን ለእኔ ብዬ ለሁለተኛ ጊዜ መጥቻለሁ።»

«ዘመድ እናማክር» አለና ዘጋው። ክፍሉ ከመኪናው ወርዶ ጎኑን ይዞ ይስቃል። ያ ባለውሻ ፈረንጅም እንደገና ቆሟል። ዛሬ የሚገርመው አላጣም።

ከበሩ ወዲያ ሹክሹክታ ሰማሁ። ልቤ ተመለስ ተመለስ አለኝ። ለሦስተኛ ጊዜ አንኳኳሁ።

የከፈተው ጸጋዬ አይደለም።

«ምን ፈልገው ነው ጋሼ ለይኩን?» አለች።

«እርስዎን» አልኩ።